የጠጅ ቤቱ ምስክር

ፈቃዱን የጣልሽው አንቺ ነሽ፣ የለም አንቺ ነሽ ስንባባል ከእናቴ ጋር ብዙ ዓመት ኖረናል። እሷ «ከባለ መስታወቱ ሱቅ ተቀብለሽ ያመጣሽው አንቺ፤ የት እንዳኖርሽው እኔ በምን አውቃለሁ» ትላለች። እኔ ደግሞ ይዤላት ስገባ ጌሾ እየወቀጠች እንደ ነበርና ቀና ሳትል «እዚያ አድርጊው» እንዳለችኝ በደንብ ትዝ ይለኛል። የእናቴ «እዚያ» ከጓዳ እስከ ጓሮ ያለውን ሁሉ የሚያጠቃልል ቦታ ነው። ከጌሾው ጋር ጋን ውስጥ ገብቶ ይሁን፣ እሳት ተለኩሶበት ይሁን፣ አይጥ በልቶት ይሁን የሚያውቅ የለም።

የጠፋው የጠጅ ቤታችን የመጠጥ ንግድ ፈቃድ ነው። ዘመኑ የደርግ ነበር፤ ቦታው ጎረቤላ፣ የአንኮበር የወረዳ ከተማ። አባቴ ከሞተ ወዲህ እናቴ እኔንና ታናናሾቼን ያሳደገችው በዚያ ጠጅ ቤት ነው። እኔ ማትሪክ ወድቄ ቤት ከተቀመጥኩ ጀምሮ ብርሌ አጥባለሁ፣ እቀዳለሁ፣ የሰከረውን አባብዬ ወደ ቤቱ እሸኛለሁ። ሥራውን አልወደውም ነበር። ያለ እሱ ግን የምንበላው እንደሌለ አሳምሬ አውቃለሁ።

ነገሩ የጀመረው በፎቶግራፍ ነው። ለአብዮቱ በዓል ዝግጅት ቀበሌው ማንኛውም የንግድ ቤት የሊቀመንበሩን ፎቶግራፍ በመስታወት አስገብቶ ግድግዳው ላይ እንዲሰቅል አዘዘ። ፎቶግራፉን ራሳቸው አደሉን፤ ፍሬሙን ግን ከየትም አምጡ አሉን። በከተማው መስታወት የሚቆርጡና ፍሬም የሚሠሩ አንድ ሰው ብቻ ነበሩ፤ እሳቸውም ጎረቤታችን ናቸው። ያን ሰሞን ደግሞ መስታወት ከአዲስ አበባ መምጣት አቁሟል። ስለዚህ ሰው ሁሉ ከግድግዳው ላይ ፍሬም እያወረደ፣ የሠርጉን ፎቶ እያወጣ፣ ሊቀመንበሩን ማስገባት ያዘ። እኛ ቤት ልኩ የሆነው ፍሬም ፈቃዱ ያለበት ነበር። ፈቃድም ፊት ለፊት ካልተሰቀለ ያስቀጣል። እናቴ ግን ትንሽ አሰበችና «ፈቃድ የሚያይ በዓመት አንዴ ቢመጣ ነው፤ ፎቶውን ግን ነገ ጠዋት ይጠይቁናል» አለች። እውነቷን ነበር። ጎረቤታችን ፈቃዱን ከፍሬሙ በጥንቃቄ አውጥተው፣ ፎቶውን በቦታው ገጥመው፣ ወረቀቱን ጠቅልለው ሰጡኝ። ከዚያ በኋላ ያለው ታሪክ «እዚያ አድርጊው» ነው።

ስለ እኚህ ጎረቤታችን ልናገር። የአሊዩ አምባ ሰው ናቸው። ከቆላ ወጥተው ጎረቤላ ላይ ሱቅ የከፈቱት እኔ ሳልወለድ ነው። ሚስማር፣ ቁልፍ፣ የፋኖስ መስታወት፣ የሥዕል ፍሬም ይሸጣሉ። ከከተማው ዝቅ ብላ በቆርቆሮ የተሠራች ትንሽ መስጊድ ነበረች፤ አዛን የሚያደርጉት እሳቸው ነበሩ። ድምፅ ማጉያ የለም። የእሳቸው ድምፅ ግን ጉም ባለበት ቀን እንኳ እኛ ቤት ይደርስ ነበር። የንጋቱ አዛን የእናቴ ሰዓት ነው፤ ሰምታው ትነሳና በስመ አብ ብላ እሳቷን ታነዳለች።

በፋሲካ ራሳቸው እንዲያርዱት ዶሮ ከነነፍሱ እንልክላቸዋለን። እነሱም በዒድ ቴምርና ስኳር ይልኩልናል። ጠጅ ቤታችን ግን ገብተው አያውቁም። በደጃፉ ሲያልፉ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው፣ ዓይናቸውን ወደ ውስጥ ሳይልኩ፣ «እንዴት አደራችሁ» ይላሉ። እናቴም የያዘችውን ብርሌ ወደ ጀርባዋ ሸሸግ አድርጋ «እግዚአብሔር ይመስገን ጋሼ» ትላለች። ብርሌው እንዳለ እሳቸው ያውቃሉ፣ እንደሚያውቁም እሷ ታውቃለች። ቢሆንም ሁለቱም በዚያ መንገድ መከባበር ለምደው ነበር።

በዓሉ አልፎ ጥቂት እንደቆየ ከደብረ ብርሃን፣ ከአውራጃው፣ ተቆጣጣሪዎች መጡ። አንደኛው ግድግዳውን ዙሪያውን ቃኘና «ፈቃድ የታለ?» አለ። እናቴ በልማድ ጣቷን ወደ ተሰቀለው ፍሬም ቀሰረች። ከፍሬሙ ውስጥ ሊቀመንበሩ ቁልቁል ያዩናል። አንዱ ጠጪ ሳቁን ለማፈን ብርሌውን አፉ ላይ ሲደፋ አየሁት። እናቴ «እሱንማ አውርደን ነው...» ብላ ስትጀምር ከኋላ ቀሚሷን ጎተትኩ። ፈቃዴ የጠፋው በሊቀመንበሩ ምክንያት ነው ማለት በዚያ ዘመን የሚሞከር ነገር አልነበረም። ምላሷን ነከሰችና «ጠፋብኝ ጌታዬ» አለች። ጌታዬ የሚባል ነገር እንደቀረ፣ ጓድ ማለት እንዳለባት ነገራትና ሰዎቹን አስወጥቶ በሩ ላይ ማኅተም ያለበት ወረቀት ለጥፎ አሸገው። ጠጪዎቹ የጀመሩትን እንዲጨርሱ እንኳ አልፈቀደም። ለዚህ እስከ ዛሬ የሚረግሙት አሉ።

ጥንስሱ ከነጋኑ ቤት ውስጥ ቀረ። በበሩ ስንጥቅ የማር ሽታ እየወጣ መንገደኛውን ሁሉ ያስቆመው ነበር። ይህ ግን ትንሹ ጣጣ ነው። ትልቁ ጣጣ መንግሥት ለግል ሰው አዲስ የመጠጥ ፈቃድ መስጠት ማቆሙ ነበር። ያለው ሰው በየዓመቱ ያሳድሳል፤ የሌለው አያገኝም። የእድሳቱ ጊዜ ሳያልፍ ምትክ ካላወጣን ጠጅ ቤቱ ተዘግቶ መቅረቱ ነው። እናቴ ሌላ ሙያ አልነበራትም። ታናናሾቼ ገና ትምህርት ላይ ነበሩ፤ እኔም ከብርሌ ማጠብ በቀር እጄ የለመደው ሥራ የለም።

ምትክ የማውጣትን መንገድ ያልሄደበት አያውቀውም። ቀበሌው መጥፋቱን የሚገልጽ ወረቀት ከፖሊስ አምጡ አለ። ፖሊስ መጀመሪያ ነዋሪ መሆናችሁን ከቀበሌ አጽፉ አለ። የቀበሌው ጸሐፊ ሰው ሁሉ ስብሰባ ላይ ስለሆነ ማኅተሙ ተቆልፎበታል አለን። ማኅተሙ ሲገኝ ደግሞ ጸሐፊው ለዘመቻ ወጥቷል። ፖሊስ ጣቢያ በመጨረሻ ስንቀርብ ተረኛው እንዴት ጠፋ ብሎ ጠየቀ። እናቴ መንገዱን ሙሉ ስታሰላስለው የመጣችውን «አይጥ በላው» አለችው። እንግዲያውስ ትርፍራፊውን አምጪ አላት። ወጣንና ትንሽ ቆየት ብለን ተመልሰን «ጠፋ» አልን። ምንም ሳይገርመው ጻፈው።

ወረዳው ጽሕፈት ቤት ደርሰን አለቀ ስንል ሌላ ነገር መጣ። ፈቃዱን በዓይናቸው ያዩ ሦስት ምስክሮች ያስፈልጋሉ ተባለ። ምስክሮቹ ፈቃድ ያላቸው ነጋዴዎች መሆን አለባቸው። መጠጥ ሻጮች እርስ በርስ እየተመሳከሩ ስላስቸገሩ፣ ከመጠጥ ንግድ ውጭ ያሉ መሆን አለባቸው። ደግሞም ደብረ ብርሃን አውራጃው ድረስ በአካል ቀርበው ቃላቸውን ይሰጣሉ።

በዚያን ጊዜ ፊርማ ማለት ምን እንደ ነበር የኖረበት ያውቀዋል። ሰው ለእድር እንኳ ሲፈርም ሁለቴ ያስብ ነበር። ባለ ወፍጮው እሺ አሉ፤ እሳቸው የቤቱ የመጀመሪያ ደንበኛ ስለሆኑ ለራሳቸውም ሲሉ ነው። የሱፍ ብርድ ልብስ፣ ባና፣ እያዞሩ የሚሸጡ አንድ የአባቴ ጓደኛም እሺ አሉ። ሦስተኛ ግን ጠፋ። የጨርቃ ጨርቅ ነጋዴው ስንመጣ በጓሮ በር ወጣ። ልብስ ሰፊው እንኳን ለመንግሥት ለሚስቱም ፈርሞ እንደማያውቅ ነገረን። ባለ ጨው ሱቋ ሴትዮ ደግሞ ወንድሟ እስር ቤት ስለሆነ ስሟ መዝገብ ላይ እንዲወጣ እንደማትፈልግ እያለቀሰች ነገረችን፤ እኛም አብረን አልቅሰን ወጣን።

የጎረቤታችንን ነገር መጀመሪያ ያነሳሁት እኔ ነኝ። አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ከደጃፋችን ተቀምጠን ሱቃቸው ፊት ለፊት ይታየናል። ፈቃዱን በፍሬም ያስገቡትም ያወጡትም እሳቸው እንደ ሆኑ፣ ከእሳቸው በላይ ያየው ሰው እንደሌለ ለእናቴ ነገርኳት። እናቴ ቆጣ ብላ «ተይ፣ ነውር ነው» አለችኝ። እሷ ነውር ነው ስትል እኔም ነውርነቱ ገብቶኝ ነበር። ግን የታሸገውን በር እያየሁ ነበርና አልተውኩም፤ ማየታቸውን ብቻ ቢናገሩ ምን ይጎዳቸዋል አልኳት።  እናቴ በማግስቱ ነጠላዋን ለብሳ ሱቃቸው ገባች፤ እኔም ተከተልኳት።

ስትለምናቸው አንገቷን ደፍታ፣ ከመሬት እንደምትነጋገር ሆና ነበር። እሳቸው የጀመሩትን መስታወት አስቀመጡ። ልጆቹስ ደህና ናቸው ወይ ብለው ጠየቁ። ደህና ናቸው አለች። ከዚያ «ማየቱንስ አይቼዋለሁ፣ በእጄም ይዤዋለሁ» አሉ። «ያዩትን ምስክርነት መደበቅ እኛ ዘንድ ሐራም ነው። ማየቴን እነግራቸዋለሁ። ከዚያ ያለፈ ግን አልናገርም እቴ።»

እናቴ ከዚያ ያለፈ የሚጠየቅ ነገር እንደሌለ ማለችላቸው። እሷም እኔም ከልባችን ያመንነው ነገር ነበር። የአውራጃው ወረቀት ምን እንደሚል ያየ ከመካከላችን አልነበረም።

ደብረ ብርሃን የሄድነው በጭነት መኪና ነው። ሁለቱ ምስክሮች ከኋላ ተጭነው ሲቀልዱ እሳቸው ጥግ ይዘው ተቀምጠዋል። የቆላ ሰው ናቸው፤ ሽርጥና ስስ ኮት ነው የለበሱት። ብርዱ ሲብስ እናቴ የተከናነበችውን ባና አውልቃ አለበሰቻቸው። ተቀብለው ትከሻቸው ላይ ጣል አደረጉት። ጥቂት እንደሄድን አውልቀው አጥፈው ጉልበታቸው ላይ አስቀመጡት። ባናው የጠጅ ቤት ባና ነው፤ ምን እንደሚሸት እኔ አውቃለሁ። እናቴም አየች። መንቀጥቀጣቸውን እያየን ከተማው ደረስን።

ቢሮው በባለ ጉዳይ ተጨናንቋል። ጸሐፊው ጎልማሳ ሰውዬ ነው፤ ክፉ አልነበረም፣ ብቻ ሰልችቶታል። የታተመ ወረቀት ሰጠንና እኔ ማንበብ እንደምችል ሲያውቅ ለምስክሮቹ ጮክ ብለሽ አንብቢላቸው አለኝ። አነበብኩ። ወረቀቱ ምስክሩ ፈቃዱን በዓይኑ ማየቱን ያረጋግጣል ይላል። ቀጥሎ ባለ ፈቃዷ መጠጥ ለመሸጥ ብቁ መሆኗን ያረጋግጣል ይላል። ቀጥሎም ፈቃዱ እንደገና እንዲሰጣት ምስክሩ መንግሥትን ይጠይቃል ይላል። ባለ ወፍጮው ሳልጨርስ ፈረሙ። ባለ ባናውም ፈረሙ።

ጎረቤታችን «የመጨረሻውን ድገሚልኝ ልጄ» አሉኝ።

ደገምኩላቸው። ሁለተኛ ሳነበው ድምፄ ቀነሰ። እሳቸው ወደ ጸሐፊው ጠጋ ብለው፣ በትሕትና፣ የመጀመሪያውን ብቻ ለይተው መመስከር ይችሉ እንደሆነ ጠየቁት። ጸሐፊው ቀና ብሎ ቆባቸውን አየ፣ ነገሩም የገባው መሰለኝ። ቢሆንም ወረቀቱ አንድ እንደሆነ፣ ቆርጦ መስጠት እንደማይችል፣ ካልፈለጉ ለሌላው ቦታ እንዲለቁ ነገራቸው።

ዞር ብለው አዩን። ያቺን ቅጽበት አልረሳትም። እኔ አንድ ቃል ብናገር ይበቃ ነበር። «ተዉት ጋሼ፣ ሌላ እንፈልጋለን» ለማለት አፍ አጥቼ አልነበረም፤ ቀን ሙሉ ከሰካራም ጋር ስመላለስ የምውል ልጅ ነኝ። እናቴም አፍ ነበራት። እሷ ወለሉን አየች፣ እኔ ወረቀቱን። ልመና ያልሆነ ዝምታ የለም፤ ያ ዝምታችን ከማንኛውም ልመና የባሰ ነበር። እሳቸው የእናቴን ጫማ ሲያዩ አየሁ፤ በሽቦ የታሰረ ላስቲክ ጫማ ነው። ከዚያ አውራ ጣታቸውን ቀለሙ ላይ ነክረው አተሙ።

ምትኩ ፈቃድ ወዲያው አልተሰጠንም፤ ቆይተን ስንመለስ ተሰጠን። ያን ቀን ግን ነገሩ እንዳለቀ ተነግሮናልና እናቴ ደስታዋ ሌላ ነበር። ባለ ወፍጮው የመጀመሪያው ብርሌ የእኔ ነው እያሉ ይስቃሉ። ጎረቤታችን ከመኪና መናኸሪያው አጠገብ ካለው ቧንቧ ለሰላት ሲታጠቡ አየኋቸው። አውራ ጣታቸውን በድንጋይ ይፈትጉታል። ቀለሙ አልለቀቀም። እናቴ ሮጣ ትከሻቸውን ልትስም ስትል «ደግ ነው፣ ደግ ነው» ብለው በእጃቸው መለሷት።

በሩ ተከፈተ፣ ጠጪውም ተመለሰ። አዲሱን ፈቃድ የምንሰቅልበት ፍሬም ያሠራነው ደብረ ብርሃን ነው። ፊት ለፊታችን ያለውን ሱቅ ትተን ያን ያህል መንገድ የተሸከምነው፣ ያን ወረቀት ይዘን እሳቸው ፊት የምንቆምበት ፊት ስላጣን ነው። እሳቸውም ስናልፍ ፍሬሙን አይተውታል።

ብዙም ሳይቆይ እናቴ አንድ ጠዋት አርፍዳ ተነሳች። አመማት ብዬ ስጠይቃት አዛኑ እንዳልተሰማ ነገረችኝ። ተሰምቶ ነበር፤ ግን የሌላ ሰው ድምፅ ነው፣ የአንድ ወጣት፣ ቀጠን ያለ። ጋሼ ታመው ይሆናል አልን። በማግስቱም ያው ወጣት ነው። እናቴ እንቁላል ይዛ ልትጠይቃቸው ሄደች። ስትመለስ ፊቷ ልክ አልነበረም። እንቁላሉን ከነቅርጫቱ መሬት ላይ አስቀምጣ ተቀመጠች።

አልታመሙም ነበር። ሚስታቸው ናት የነገረቻት። አዛን የተዉት ራሳቸው ናቸው። ማንም አልከለከላቸውም፤ እንዲያውም የመስጊዱ ሽማግሌዎች ነገሩን ሰምተው ለድሃ ሴት ብለህ ያደረግከው ነው፣ አላህ መሓሪ ነው ብለው ለምነዋቸዋል። እሳቸው ግን «መንግሥት ፊት ቆሜ ኸምር ይሸጥ ብዬ ጠይቄያለሁ። በዚህ አፌ ሰውን ወደ ሰላት አልጠራም» ብለዋል። ሚስታቸው ይህን ስትናገር እናቴን አልወቀሰቻትም። እናቴን የጎዳትም እሱ ነው፤ ሴትዮዋ ቡና ልታፈላላት ስትነሳ እናቴ ጥላት ወጣች።

ከዚያ በኋላ የቤታችን ወሬ ሁሉ በዚያ ዙሪያ ሆነ። እናቴ ንስሐ አባታችን ዘንድ ሄደች። እሳቸው አላስገደድሽውም፣ ወዶ የፈረመ ሰው ነው፣ ኃጢአት አልሆነብሽም ብለው አሰናበቷት። ተናድዳ መጣች። የፈለገችው እንዲቆጧት ነበር፤ ስገጂ፣ ጹሚ ቢሏት ትሰግድና ትጾም ነበር። እኔም ከእሷ አልሻልኩም። በደጃፋችን ሲያልፉ እንደ ድሮው እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው ሰላም ሲሉን ከጋኑ ኋላ እደበቅ ጀመር። ሰውዬው ቢቆጡኝ፣ ፊታቸውን ቢያዞሩብኝ እንዴት ደስ ባለኝ። ሰላምታቸው አንድም ቀን አልጎደለም።

አንድ ቀን አመሻሽ ላይ ጠጪው ሞቅ ብሎት ሲዘፍን፣ የወጣቱ አዛን ከታች ተሰማ። እናቴ ከጋኑ አጠገብ ተነሳችና ብርሌውን ከየሰዉ እጅ መሰብሰብ ጀመረች። ቤቱ ተዘግቷል፣ ሂዱ አለቻቸው። ቀልድ መስሏቸው ሳቁ። ባለ ወፍጮውን በክንዳቸው ይዛ ስታስወጣቸው ግን ማንም አልሳቀም። ከዚያ ወንበር ላይ ወጥታ ፈቃዱን ከነፍሬሙ አወረደችና ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙራ አስቀመጠችው። ለአውራጃው እንደምትመልሰው፣ እንጀራ መሸጥም ከሆነ እንጀራ እንደምትሸጥ ነገረችን። ታናናሾቼ ደነገጡ። እኔ በልቤ ተመስገን አልኩ። ምን እንደምንበላ ሳላውቅ ተመስገን አልኩ፤ ከደረቴ ላይ ድንጋይ እንደተነሳልኝ ነበር የተሰማኝ። ያን ሰሞን እናቴም ቀለል ብሏት ሰነበተች፣ ያጠበችውን ብርሌ ሁሉ በጆንያ አሰረችው።

ወሬው ከተማውን ለመዞር ጊዜ አልፈጀበትም። አንድ ጠዋት ወለሉን ስጠርግ በሩ ላይ ጥላ አየሁ። ጎረቤታችን ናቸው። ደጃፉ ላይ ትንሽ ቆሙና፣ እኔ እያየኋቸው፣ ገቡ። በዕድሜያቸው ሙሉ ረግጠውት የማያውቁት ወለል ነው። እናቴ ከጓዳ ወጥታ ስታያቸው እጇን አፏ ላይ ጫነች። ወንበር አቀረብኩ፤ አልተቀመጡም። ባዶውን ሚስማር አዩ፣ ፊቱን ያዞረውን ፍሬም አዩ፣ በጆንያ የታሰረውን ብርሌ አዩ።

«የሰማሁት እውነት ነው?» አሉ።

እናቴ እውነት ነው አለች። የምትጠብቀው ምርቃት ነበር፤ ከፊቷ ያስታውቃል። እኔም ያንኑ ስጠብቅ ነበር። እሳቸው ግን እንደዚያ ተከፍተው አይቻቸው አላውቅም።

«እቴ፣ እኔ ጣቴን ያተምኩት ለመጠጡ ብዬ አይደለም። ልጆችሽ ሜዳ ላይ እንዳይወድቁ ብዬ ነው። ነገ አላህ ሲጠይቀኝ የምመልሰው ይኼንኑ ነው፤ ሌላ መልስ የለኝም። አንቺ ዛሬ ብትዘጊው ወንጀሉ እኔው ላይ ይቀራል። ምክንያቱን ግን ወሰድሽብኝ።»

እናቴ ማልቀስ ጀመረች። ታዲያ ምን ላድርግ አለቻቸው። መስጊድ ያደጉ ሰው ናቸው፣ ያንን ቃል ከአፋቸው ማውጣት ምን ያህል እንደ ከበዳቸው አየሁ።

«ክፈቺው» አሉ።

ሌላ ምንም ሳይጨምሩ ወጡ። እኛ እንዲቀለን ብለን ያደረግነው ነገር ሸክሙን ሁሉ ለእሳቸው ብቻ ጥሎላቸው እንደ ነበር ያኔ ገባኝ። እናቴ ዓይኗን ጠርጋ ጆንያውን ፈታችው። ፈቃዱን ራሴ ሰቀልኩት። በዚያው ቀን ባለ ወፍጮው መጥተው የድሮ ቦታቸው ላይ ተቀመጡ፣ እናቴም ቀዳችላቸው።

ታናናሾቼ በዚያ ጠጅ ተምረው ጨረሱ። ጎረቤታችን ወደ አዛኑ አልተመለሱም፤ ወጣቱም ድምፁ እየጎለመሰ ሄደ፣ እናቴ ግን አልለመደችውም። ፈቃዱን በየዓመቱ ለማሳደስ ደብረ ብርሃን የምሄደው እኔ ነበርኩ። ስመለስ ከመኪናው ስወርድ ጀምሮ ሱቃቸው በር ላይ ቆመው ይጠብቁኛል።

«ታደሰ ልጄ?»

«ታደሰ ጋሼ።»

«አልሐም...» ብለው ይጀምሩና ያቆማሉ። በመጠጥ ፈቃድ አላህን ማመስገን አይችሉም፤ ባይታደስ ደግሞ ነገ ለአላህ የሚመልሱት መልስ የላቸውም። «ደግ» ይሉና ወደ መስታወታቸው ይመለሳሉ። እኔም ወረቀቱን በነጠላዬ ሸፍኜ መንገዱን እሻገራለሁ።